ከድልድይ ሆድ የወጣው ባንድ

«ይኼ ሙዚቃ ከተባለ፣ ጋራዥ የገባ ሰው ሁሉ ኮንሰርት ገብቷል ማለት ነው» አለች ልጅቷ፣ ማዳመጫውን ከጆሮዋ እያወለቀች።

አጎቷ ሳቁ። በርሊን ውስጥ ዕድሜያቸውን በብየዳ ያሳለፉ ሰው ናቸው፤ እሷ እዚያው ከተማ የድምፅ ምሕንድስና ትማራለች። ያከራከራቸው ባንድ አይንሽቱርትሰንደ ኖይባውተን ይባላል፤ «የሚፈርሱ አዳዲስ ሕንጻዎች» እንደማለት። በ1980 ምዕራብ በርሊን ውስጥ ተመሥርቶ ከአርባ ዓመት በላይ ቆይቷል። ስሙን የሰማ ብዙ ነው፤ አልበሙን እስከ መጨረሻው ያደመጠ ግን ጥቂት። (እዚህ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ ኤውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

«የሰማሽው ኮላፕስን ነው። የመጀመሪያ አልበማቸው ነው፤ በ1981 የወጣ። ሆን ብዬ ከከባዱ አስጀመርኩሽ። ከኋለኞቹ ብትጀምሪ ኖሮ ጨዋ ሰዎች መስለውሽ ትቀሪ ነበር።»

«እሺ ጋሼ፣ ግን ለምን? ሰው ለማስደንገጥ ካልሆነ በስተቀር ላሜራ እየደበደቡ መቅዳት ምን የሚሉት ነገር ነው?»

«መጀመሪያ ነገሩ ማጣት ነው። ኡንሩ የሚባለው ድራመራቸው ተቸግሮ ድራሙን ሸጠ። ድራም የሌለው ድራመር ምን ያደርጋል? ከግንባታ ቦታና ከቁርጥራጭ ብረት ክምር የሚጮኸውን ሁሉ ሰበሰበ። ላሜራ በይ፣ ሞላ በይ፣ ቱቦ በይ፣ የሱፐርማርኬት ጋሪ ሳይቀር። ዘፋኙ ብሊክሳ ባርገልድም ያኔ የሃያ አንድ ዓመት ልጅ ነበር።»

«ብረቱ እንደ ልብ ይገኝ ነበር እንዴ?»

«ምዕራብ በርሊን እኮ በግንብ የታጠረች ከተማ ነበረች። የከተማዋ ነዋሪ ወንድ ለውትድርና አይጠራም፤ ስለዚህ ከምዕራብ ጀርመን ከወታደር ቤት የሚሸሽ ወጣት ሁሉ እዚያ ይገባል። አሮጌ ቤት በርካሽ ይከራያል፤ ባዶ ሕንጻ ሰብሮ ገብቶ የሚኖርም ሞልቷል። በአንዱ በኩል ይፈርሳል፣ በሌላው ይገነባል። ብረት በየመንገዱ ወድቆ ነበር።»

የመጀመሪያው ኮንሰርታቸው ኤፕሪል 1 ቀን 1980 ሙን በሚባል ክለብ ውስጥ ነበር። መድረክ ላይ የነበሩት አራት ናቸው፤ ባርገልድና ኡንሩ፣ ከእነሱ ጋር ደግሞ ጉድሩን ጉት እና ቤአተ ባርተል የተባሉ ሁለት ሴቶች። ልጅቷ እዚህ ላይ አጎቷን አቋረጠቻቸው።

«ፎቶግራፋቸውን አይቻለሁ። ሁሉም ወንድ፣ ሁሉም መዶሻ የያዘ። ሴቶቹ የት ገቡ?»

«ቶሎ ወጡ።»

«ወጡ ብቻ? ጉድሩን ጉት እኮ ማላሪያ! የሚባለውን የሴቶች ባንድ ያቋቋመች ናት፤ ኋላም የራሷን አሳታሚ ኩባንያ ከፍታለች። የኤሌክትሮኒክ ሙዚቃ መምህራችን ከባርገልድ ይልቅ የእሷን ስም ነው የሚያነሣው። የዚህ ባንድ ታሪክ ሲጻፍ ግን የመጀመሪያዋ ምሽት ግማሽ ሴት እንደነበረች በአንድ መስመር ይታለፋል።»

አጎትየው ይህን አልተከራከሩም። እውነቷን ነው፤ የብረትና የመዶሻው ምስል ባንዱን ከጠቀመው ባልተናነሰ ታሪኩን አጥብቦታል።

«ድልድዩን ልንገርሽ» አሉ ወዲያው። «በዚያው ዓመት ጁን ላይ ባርገልድና ኡንሩ በርሊን ውስጥ አንድ የአውራ ጎዳና ድልድይ ሆድ ውስጥ ገቡ። ከላይ መኪና ይበራል፤ ከታች ባዶ የብረት ዋሻ ነው። እዚያ ውስጥ ግድግዳውን እየመቱ፣ እየጮኹ ቀዱ። ሽታልሙዚክ ተብሎ በካሴት ወጣ።»

ልጅቷ መጀመሪያ ከነበራት ፌዝ ትንሽ የቀነሰችው ይኼኔ ነው። ድልድይ ውስጥ ግድግዳውም ጣሪያውም ብረት ከሆነ ድምፅ የሚዋጥበት ቦታ የለውም፤ አንዱ ምት ሳያልቅ ሌላው ይደርብበታል። ስቱዲዮ ውስጥ በማሽን የሚጨመረውን ገደል ማሚቶ ቦታው በነፃ ይሰጣል።

«ስለዚህ ድልድዩ ራሱ መሣሪያ ሆነ» አለች።

«አገኘሽው።»

«ግን አሁንም እኮ ብልሃት ነው እንጂ ሙዚቃ አልሆነልኝም። ችግር የወለደው ብልሃት።»

«ችግር ብቻ ቢሆን ኖሮ ገንዘብ ሲያገኙ ድራም በገዙ ነበር። አገኙም፤ አልገዙም። እኔ ይህን ባንድ የማከብርበት ምክንያት እዚህ ላይ ነው። በ1985 ሃልበር ሜንሽ የተባለውን አልበም ሲያወጡ ስማቸው ጃፓን ደርሶ ነበር፤ ሶጎ ኢሺ የሚባል ዳይሬክተር እዚያው ፊልም ሠርቶላቸዋል። የፈለጉትን መሣሪያ መግዛት የሚችሉ ሰዎች ነበሩ። እነሱ ግን ብረቱን መርጠው ይዘውት ቀሩ።»

ስማቸው ላይም አንድ ወሬ አለ። ከመጀመሪያው ኮንሰርት ሁለት ወር ሳይሞላ፣ ሜይ 21 ቀን 1980፣ የምዕራብ በርሊን የጉባኤ አዳራሽ ጣሪያ ተደረመሰ። አዳራሹን በ1957 አሜሪካኖች ለከተማዋ ያበረከቱት ሲሆን የዘመናዊ ሥነ ሕንጻ ኩራት ነበር። አደጋው የአንድ ጋዜጠኛ ሕይወት ቀጠፈ። «ስማቸውን ከዚያ ወሰዱት» የሚል አይጠፋም፤ ልጅቷም እንደዚያ ነበር የሰማችው። አጎቷ አረሟት፦ ስሙ ቀድሞ ነበር፤ ጣሪያው ሲወርድ ግን ሰው ስሙን እንደ ንግርት ያየው ጀመር።

«የለንደኑንስ?» አለች። «መድረክ ቆፈሩ የሚባለውን።»

«ጃንዋሪ 3 ቀን 1984። አይ.ሲ.ኤ. በሚባለው የዘመናዊ ጥበባት ተቋም ውስጥ፣ ለሰው ድምፅና ለማሽን የተዘጋጀ ኮንሰርቶ ብለው አስነገሩ። ድሪል፣ ቼይንሶው፣ የኮንክሪት ሚክሰር ይዘው ወጡ። ማርክ ቹንግ፣ ኤፍ. ኤም. አይንሃይት፣ አሌክሳንደር ሃከ ነበሩበት፤ እንግዶችም ነበሩ። መድረኩን መቆፈር ሲጀምሩ አዘጋጆቹ ግማሽ ሰዓት እንኳ ሳይሞላ አስቆሟቸው። ታዳሚውም አኮረፈ፤ ግብግብ ሆነ።»

«ከዚያስ?»

«ከዚያማ በ2007 እዚያው ተቋም ውስጥ አንዲት አርቲስት ያንኑ ምሽት እንደ ቴአትር ደግማ አሠራችው። ያስቆሙት ሰዎች ቤት፣ በፈቃድ፣ በፕሮግራም።»

«ዐመፅ በቀጠሮ!» ብላ ሳቀች።

«ሳቂ። ያ ምሽት ለባንዱ ስም ሰጠው፤ የተሰጠው ስም ግን ልክ አይደለም። ከዚያ በኋላ ሰው ሊሰማቸው ሳይሆን ምን እንደሚሰብሩ ሊያይ ይመጣ ነበር።»

ሁለቱ በሙያቸው የተገናኙት ስለ ሞላው ሲያወሩ ነው። የኖይባውተንን ኮንሰርት ያየ ሰው መድረኩ ላይ ቆሞ የሚመታውን ትልቅ የብረት ሞላ አይረሳም። አይንሃይት ይህን ሞላ በጣም ታዋቂ ካደረጉት አንዱ ነው። ያለ ማጉያ ሲመታ ድምፁ ያን ያህል አይደለም። ልጅቷ ምክንያቱን ታውቃለች፤ ተራ ማይክ የሚይዘው አየር ላይ የሚሄደውን ድምፅ ነው። ኮንታክት ማይክ የሚባለው ትንሽ ዝርግ ነገር ግን ብረቱ ላይ ተለጥፎ ንዝረቱን ከብረቱ ውስጥ ይወስዳል። ያን ጊዜ በጆሮ የማይሰማው ወፍራም ድምፅ ወጥቶ ከቤዝ ጊታር በታች ይወርዳል።

«እኛ በብየዳ ያለ ማይክም እናዳምጣለን» አሉ አጎትየው። «የተበየደ ነገር በመዶሻ ጠቅ ሲደረግ ደኅናው ጥርት ብሎ ይጮኻል፤ ስንጥቅ ያለበት ይታፈናል። ተራ ላሜራ ይንኳኳና ይሞታል። የሞላ ብረት ግን በሙቀት የጠነከረ ስለሆነ ድምፁን ይዞ ይቆያል። እነዚህ ልጆች ይኼን በጆሯቸው አግኝተውታል። ዝም ብለው ቢደበድቡ ኖሮ ሁሉም ብረት አንድ ዓይነት ይሆንባቸው ነበር። አሁን ሃልበር ሜንሽን ክፈቺና ስሚ፤ ምቱ ሁሉ ቦታ ቦታውን ይዟል። የአልበሙ መጠሪያ የሆነው ቁራጭ ደግሞ ብረት የለበትም፤ የሰው ድምፅ ብቻ ነው።»

«የሰውንም አካል መትተዋል አይደል?»

«አዎ። በ1982 በወጣው ዱርስቲገስ ቲር ላይ ባርገልድ ማይክ ደረቱ ላይ አድርጎ ሰውነቱን ድራም አድርጎታል። እሱን ግን በምግብ ሰዓት አናውራው።»

ዝናቸው ከራሳቸው አልበም ይልቅ በሌሎች ሥራ በኩል ነው ሩቅ የሄደው። የእንግሊዙ ዴፔሽ ሞድ በ1983 ኮንስትራክሽን ታይም አጌይን የተባለውን አልበሙን ሲሠራ ከግንባታ ቦታ የተቀዱ ድምፆችን አስገብቷል፤ የባንዱ የዘፈን ደራሲ ማርቲን ጎር የኖይባውተንን ኮንሰርት አይቶ ነበር። ባርገልድ ራሱ ከ1983 እስከ 2003 ድረስ የኒክ ኬቭ ባንድ የባድ ሲድስ ጊታር ተጫዋች ነበር፤ ሃያ ዓመት ሙሉ። በ1990 ዘ ዊፒንግ ሶንግ ላይ ከኬቭ ጋር እየተቀባበለ የሚዘፍነው ወፍራም ድምፅ የእሱ ነው።

«ዴፔሽ ሞድ ያንን ጩኸት ወስዶ ዳንስ ቤት አስገባው» አለች ልጅቷ። «እኔ የማከብረው እሱን ነው። ድምፁን ሰው እንዲወደው አድርጎ መሥራት ይከብዳል።»

«ይከብዳል። ግን መንገዱን መጀመሪያ ማን ጠረገው?»

«መንገድ የጠረገ ሁሉ ጥሩ አሽከርካሪ አይደለም፣ ጋሼ።»

አጎትየው መልስ ፍለጋ ወደ 1989 ሄዱ። ግንቡ ኖቬምበር 9 ተከፈተ። ልክ ስድስት ሳምንት ቆይቶ፣ ዲሴምበር 21፣ ኖይባውተን ምሥራቅ በርሊን ሊሽተንበርግ ውስጥ ኤሌክትሮኮለ በሚባል የመንግሥት ፋብሪካ ውስጥ ኮንሰርት አቀረበ። በነገሩ ውስጥ እጁ የነበረበት ታላቁ የምሥራቅ ጀርመን ፀሐፌ ተውኔት ሃይነር ሙለር ነው፤ ባንዱም በተከታዩ ዓመት ሃምሌትማሺነ ለተባለው ተውኔቱ የሬዲዮ ዝግጅት ሙዚቃውን ሠራ። የፋብሪካ ድምፅ ይሠሩ የነበሩ ልጆች በመጨረሻ እውነተኛ ፋብሪካ ውስጥ፣ እውነተኛ ሠራተኞች ወደሚውሉበት ቦታ ገቡ።

ዘጠናዎቹን በፍጥነት ማለፍ ይቻላል። ቹንግ ወጣ፤ አይንሃይትም ተከተለ፤ በ1996 የወጣው ኤንደ ኖይ የሽግግር አልበም ነው። ዮኸን አርባይት በጊታር፣ ሩዶልፍ ሞዘር በምት መሣሪያ ገቡ። ያ ዘመን መሞቻቸው ይሆናል ብሎ የገመተ ብዙ ነበር።

«ሳይለንስ ኢዝ ሴክሲ ነው የለወጠኝ» አሉ አጎትየው። «2000። የአልበሙ መጠሪያ የሆነው ዘፈን ሲጀምር ሲጋራ ይለኮሳል። ሲለኮስ፣ ሲሳብ ትሰሚያለሽ። ከዚያ ዝምታ። ሃያ ዓመት ብረት ሲቀጠቅጥ የኖረ ባንድ ዝምታውን ዘፈን ውስጥ አስገባው።»

«እሱን ሰምቼዋለሁ። አቀዳዱ ያስቀናል» አለች፤ ከምሽቱ የመጀመሪያዋ ምስጋና ነበረች። «ዝምታ ለመቅዳት ከጩኸት ይበልጥ ከባድ ነው። የመሣሪያው እስስ የሚል ድምፅ፣ የክፍሉ ማራገቢያ፣ ሁሉም ይወጣል። ጩኸት ብዙ ይሸፍናል፤ ዝምታ ምንም አይደብቅም።»

ቀጥሎ ያወሩት ስለ ገንዘብ ነው፤ የባንዱ ውርስ ከሁሉ በላይ የሚታየውም እዚህ ላይ ሳይሆን አይቀርም። በ2002 ኖይባውተን አሳታሚ ኩባንያ ሳይጠብቅ አድማጩን በኢንተርኔት ጠራ። አድማጩ አስቀድሞ ይከፍላል፤ በዚያ ገንዘብ አልበም ይሠራል። የከፈለ ሰው ልምምዱን በካሜራ በቀጥታ ያያል፣ አስተያየት ይሰጣል፣ ሲያልቅም ገበያ ላይ የማይወጣ የራሱ ቅጂ ይደርሰዋል።

«ዕቁብ በሉኛ!»

«ዕቁብ እንኳ አይደለም፤ በዕቁብ ተራሽ ሲደርስ ብርሽን መልሰሽ ትወስጃለሽ። እዚህ ብሩ አይመለስም፤ የሚመለሰው ዘፈኑ ነው።»

«ዛሬ ሁሉም እንደዚያ ነው የሚሠራው።»

«ዛሬማ! ኪክስታርተር የተከፈተው በ2009 ነው። ፓትሪኦን በ2013። እነዚህ ቀድመው ጀመሩት፤ በ2007 ደግሞ አለስ ቪደር ኦፈን የሚለውን አልበም ያለ ሌላ አሳታሚ በራሳቸው አወጡ።»

ከፋዮቹ ገንዘብ ሰጥተው ብቻ አልቀሩም። በ2004 ባንዱ ፓላስት ደር ሬፑብሊክ ውስጥ ሲጫወት መቶ ያህሉ በዝማሬ አጅበውታል። ይህ የቀድሞው የምሥራቅ ጀርመን ምክር ቤት የነበረበት ሕንጻ ነው፤ አስቤስቶሱ ወጥቶ የብረት አጥንቱ ቀርቶ ነበር። ባንዱ የሕንጻውን ብረት ራሱን እንደ መሣሪያ መታው። ሁለት ዓመት ሳይቆይ ማፍረሱ ተጀመረ፤ ዛሬ ቦታው ላይ በቤተ መንግሥት አምሳል የተሠራ ሌላ ሕንጻ ቆሟል።

ልጅቷ አሁንም አንድ ጥይት ነበራት። «ማስታወቂያውን ግን ምን ይሉታል? ባርገልድ እኮ ለሆርንባኽ ሠርቷል።»

ሆርንባኽ ጀርመን ውስጥ ድሪልና ሲሚንቶ የሚሸጥ ትልቅ የግንባታ ዕቃ መደብር ነው። ባርገልድ ካሜራ ፊት ቆሞ የመደብሩን የዕቃ ዝርዝር ልክ እንደ ቅኔ እያጣጣመ አንብቦለታል። አጎትየው አላፈሩበትም። «የሰው ድሪል ተውሶ የኖረ ሰው መጨረሻ ላይ የድሪል ሻጩ ቢከፍለው ምኑ ነው ነውሩ?» አሉ። እሷ በዚህ አልረካችም፤ ይህ ጸሐፊም ማስታወቂያው አስቂኝ መሆኑን እንጂ ንጹሕ መሆኑን አይመሰክርም።

ክርክሩን ያዞረው ላሜንት የተባለው አልበማቸው ነው። የቤልጅየሟ ዲክስሞይደ ከተማ የአንደኛው የዓለም ጦርነት መቶኛ ዓመት ሲታሰብ ሥራውን አዘዘች፤ ኖቬምበር 2014 እዚያው ከተማ ላይ ቀረበ። ውስጡ ጦርነቱን ራሱን በምት የሚቆጥር ቁራጭ አለ። መድረኩ ላይ የፕላስቲክ ቱቦዎች ይደረደራሉ፤ እያንዳንዱ ቱቦ አንድ ተዋጊ አገር ነው። አንድ ምት አንድ ቀን ነው። አገሩ ጦርነቱ ውስጥ በገባበት ቀን ቱቦው መመታት ይጀምራል፤ ሲወጣ ዝም ይላል። ፍጥነቱ በደቂቃ 120 ምት።

ልጅቷ ስልኳን አወጣች። «ከጁላይ 28 ቀን 1914 እስከ ኖቬምበር 11 ቀን 1918... 1568 ቀን። ለ120 ሲካፈል አሥራ ሦስት ደቂቃ ከምናምን።»

«ልክ ነሽ። አሥራ ሦስት ደቂቃ ነው።»

«ቆይ። አሜሪካ የገባችው ኤፕሪል 1917 ነው፤ 983ኛው ቀን አካባቢ። ስለዚህ የአሜሪካ ቱቦ የሚሰማው ስምንት ደቂቃ ካለፈ በኋላ ነው ማለት ነው። ጣሊያን ደግሞ ሁለት ደቂቃ ተኩል ገደማ ላይ።» ስልኳን አስቀመጠች። «ጋሼ፣ ይኼ እኮ ለጭፈራ የሚሆን ፍጥነት ነው። 120 የዲስኮ ምት ነው።»

«ክፋቱም እሱ ነው። እግርሽ ሊንቀሳቀስ ይላል፤ የምትቆጥሪው ግን ሰው የሚያልቅበትን ቀን ነው።»

በዚያው አልበም ላይ የጦር ምርኮኞች ድምፅም አለ። በጦርነቱ ጊዜ የጀርመን ምሁራን የምርኮኛ ካምፖች ውስጥ እየገቡ የየአገሩን ቋንቋ ይቀዱ ነበር፤ ለማነጻጸር እንዲመች ብዙዎቹን ያስነበቧቸው ከሉቃስ ወንጌል የጠፋውን ልጅ ምሳሌ ነው። ቤቱ ይመለስ አይመለስ የማያውቅ ምርኮኛ፣ ቤቱ ስለተመለሰ ልጅ ይተርካል። ባንዱ እነዚህን አሮጌ ቅጂዎች አንሥቶ በዝግታ በሚሄድ ሙዚቃ ውስጥ አስገባቸው። ብረት መምታት እዚህ ላይ አያስፈልግም ነበር፤ አልመቱምም።

«በሉ እሺ» አለች ልጅቷ ከብዙ ዝምታ በኋላ። «ኮላፕስን ግን ዛሬም አልወድም። አላስመስልም።»

«አትውደጂው። እኔም በወር አንድ ቀን ብቻ ነው የምችለው።»

በጃንዋሪ 2017 ባንዱ ሃምቡርግ ውስጥ ገና የተመረቀው ኤልብፊልሃርሞኒ አዳራሽ ውስጥ ተጫወተ፤ ለንደን ላይ ካስቆሟቸው ሠላሳ ሦስት ዓመት ሆኖታል። በ2020 አለስ ኢን አለም፣ በኤፕሪል 2024 ደግሞ ራምፐን ወጣ። የራምፐን ዘፈኖች የተነሡት በኮንሰርት መሐል፣ ታዳሚ ፊት፣ ምንም ሳይዘጋጁ ከተጫወቷቸው ነገሮች ነው።

ሊሞክራቸው ለሚፈልግ አንባቢ፦ ከሳይለንስ ኢዝ ሴክሲ ይጀምሩ፣ ወደ ላሜንት ይሂዱ፣ ኮላፕስን ለመጨረሻ ያቆዩት። በስልክ ድምፅ ማጉያ ግን አይሞክሩት፤ የሞላው ወፍራም ድምፅ እዚያ ውስጥ አይሰማም።